የአምብሮዝ ፔልተን ሦስት ቃላት

በዚህ ኃላፊና ጠፊ ዓለም ለሰው ሁሉ በየመዓርጉ የተመደበለት ግብር አለ፤ አንዱ ዘውድ ደፍቶ በአደባባይ ሲታይ፣ ሌላው በር ከፍቶ፣ ካፖርት ተቀብሎ፣ እጅ ነሥቶ ይመለሳል፤ ነገር ግን አስተዋይና ልባም አንባቢ ሆይ፣ በሩን የሚከፍት ባይኖር ባለ ዘውዱ ከደጅ ቆሞ እንደሚቀር ልብ ማለት ይገባል። አምብሮዝ ፔልተን በር ከፋች ነበር። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት አብቅቶ የለንደን ፍርስራሽ ገና ተጠርጎ ሳያልቅ፣ ሕዝቡም ኀዘኑንና ብርዱን ሊረሳ ወደ ሲኒማ ቤት በሚጎርፍበት ዘመን፣ ይህ ያለ ዕድሜው ራሰ በራ የሆነ ወጣት በአርባ ሦስት ፊልሞች አሽከር፣ ፖሊስ፣ የባቡር ትኬት ቆራጭ፣ ሁለት ጊዜም ጳጳስ ሆኖ ታየ፤ ፊቱን የማያውቅ አልነበረም፤ ስሙን የሚያውቅ ግን አልተገኘም። እርሱም በዚህ አልተከፋም፤ ክብሩና ሞገሱ ንግግሩን በመጀመሪያው ቀረጻ ሳይሳሳት መጨረስ ነበርና ባልደረቦቹ «አንዴ ፔልተን» ይሉት ነበር።

በአንድ የመጋቢት ማለዳ ግን የሐኪም ድርሻ ደረሰው። ሐኪሙ ከሕመምተኛዋ ክፍል ይወጣል፤ በሩን ገርበብ አድርጎ ይተዋል፤ በመተላለፊያው ለሚጠብቀው ወጣት አባትም «አዝናለሁ፤ ልጅዎ አርፋለች» ይለዋል። ካሜራው በበሩ ክፍተት አልጋውን ስለሚያይ፣ ሕመምተኛዋን የምትጫወተው የስምንት ዓመቷ ዊኒ ነጭ አንሶላ ተሸፍና፣ ትንፋሿን ውጣ መተኛት ነበረባት። እነዚያን ሦስት ቃላት አምብሮዝ ባለፈው ኅዳር ከእውነተኛ ሐኪም አፍ፣ በእውነተኛ መተላለፊያ ቆሞ ሰምቷቸዋል፤ ሴት ልጁ ኤዲት በሳንባ ምች ታማ ስድስት ዓመት ሳይሞላት አልፋለችና። ከዚያ ወዲህ ለሚስቱ ለማርጀሪ እንኳ ቃሉን አፍ አውጥቶ አልነገራትም፤ እርሷ ከፊቱ አንብባ ነበር ያወቀችው።

በመጀመሪያው ቀረጻ «አዝናለሁ» ብሎ ዝም አለ። በሁለተኛው «ልጅዎ» ላይ ቆመ። ሦስተኛውና አራተኛው ከዚህ አልተሻሉም። በአምስተኛው «ልጅዎ ተኝታለች» ቢል፣ አባትየውን የሚጫወተው መልከ መልካሙ ዴሪክ ላንግተን «እንግዲያማ እስክትነቃ ሻይ ልጠጣ» ብሎ የመብራት ሠራተኞቹን አሳቃቸው።

ዳይሬክተሩ ሚስተር ሃርግሪቭ አልሳቀም። «ፔልተን፣ ከምሳ በኋላ ስቱዲዮውን ሌሎች ይረከቡናል። አንድ ጊዜ እንሞክራለን፤ ካልሆነ በሌላ ሰው እተካዎታለሁ።»

«ይገባኛል ጌታዬ» አለ አምብሮዝ። ሦስት ቃል መናገር ያቃተውን ረዳት ተዋናይ ዳግመኛ የሚጠራው እንደሌለ ያውቃል። ወደ ክፍሉ ገብቶ በበሩ ጀርባ ስፍራውን ሲይዝ፣ ዊኒ አንሶላውን ከአፍንጫዋ ዝቅ አደረገች።

«ሚስተር ፔልተን፣ አስቀየምኩዎት እንዴ?»

«የለም፣ ዊኒ። ምነው?»

«እርስዎ ካልጨረሱ እኔ መነሣት አልችልም። አምስት ጊዜ ሞትኩ እኮ። እግሬ ደንዝዟል።»

«ቃሉ አልወጣ ብሎኝ ነው።»

«ይበሉትና ልነሣ። እናቴ የእንቁላል ሳንድዊች ይዛ ውጭ ቆማለች። በራሽን የሚታደለው የእንቁላል ዱቄት አይደለም፤ እውነተኛ የዶሮ እንቁላል ነው።»

አምብሮዝም ወጣ፤ በሩን ገርበብ አድርጎ ተወ፤ ሌላ ቀልድ አዘጋጅቶ የሚጠብቀውን ላንግተንን ዐይን ዐይኑን እያየ፣ በዝግታና በርኅራኄ፣ ድምፁ ሳይሰበር «አዝናለሁ፤ ልጅዎ አርፋለች» አለው። ላንግተን ቀልዱን ረሳ፤ ግድግዳውን ተደግፎ ፊቱን ሸፈነ። ሃርግሪቭ ጥቂት ጠብቆ «ቁረጥ» ባለ ጊዜ፣ ከበሩ ጀርባ አንሶላ ሲወረወርና ሁለት ትንንሽ እግሮች ወለሉን ሲመቱ ተሰማ።

«ጫማዬን ማን ወሰደው?» አለች ዊኒ።

አምብሮዝ ተንበርክኮ ጫማዋን ከአልጋው ሥር አወጣላት። በዚያው ከሰዓት፣ የሐኪሙን ልብስ መልሶ ቤቱ እንደገባ፣ ካፖርቱን ሳያወልቅ «ማርጀሪ፣ ኤዲት አርፋለች» አላት።

«አውቃለሁ» አለችው እጁን ይዛ፤ «አንተ እስክትለው ነበር የምጠብቀው።»

ሞትን በስሙ ያልጠራ ሰው ሕያዋኑንም ከአንሶላው በታች ያስቀራል፤ በስሙ የጠራው ግን የሞተችውን ባያስነሣም፣ የምትጠብቀውን ያስነሣል።