ኮሶ የጠጡት ዳክዬዎች

እናኑ በደስታ ስትፍነከነክ ያያት ሰው፣ በእንጨት እያገላበጠች የምታየው የዳክዬ ኩስ ነው ብሎ አይጠረጥርም።

«አያ ማሩ፣ ይምጡማ ይዩልኝ» አለች ሽማግሌውን ዘበኛ። «ይሄን ነጭ ነገር አዩት? የኮሶ ትል ነው። የኛው የራሳችን በሽታ!»

አያ ማሩ አፍንጫቸውን ይዘው ሸሹ። እሷ ግን ደስታዋን አልቻለችውም። ምነው አትደሰት? ጌታዋ ሙሴ ያኒ፣ አራዳ ሱቅ ያላቸው ግሪክ፣ ለዕቃ አስመራ ሲሄዱ «ከስድስቱ ዳክዬ አንድ ቢጎድል የምትመለሺው አገርሽ አይከል ነው» ብለዋታል። አይከል ደግሞ በዱላ የሚያስተዳድር፣ ሸሽታው የመጣችው ባሏ አለ። ዳክዬዎቹ ከስተው፣ ክንፋቸው ወድቆ፣ ከውሃው ገንዳ ርቀው ሲያንቀላፉ እሷም አብራ መንምና ነበር። አሁን በሽታው ከታወቀ መድኃኒቱ ደጅ ነው።

ግን ለሰው አንድ ዋንጫ ከሆነ ለዳክዬ ስንት ነው? ማን ይጠየቃል? ቀይ ኮሶ ወቅጣ፣ በሦስት ጣቷ ቆንጥራ፣ በራሰ ፉርሽካ ለውሳ እንክብል እንክብል አደረገችው። በማግስቱ ማለዳ በባዶ ሆዳቸው አንድ በአንድ አስዋጠቻቸው። ከዚያ እንደ ወጉ ጨለማ ጎተራ አስገብታ የግቢውን በር ቀረቀረች። ኮሶ የጠጣ ፀሐይ አይሞቅም፣ እንግዳም አይገባበትም፤ ከገባበት መድኃኒቱ ይመክናል።

ረፋዱ ላይ የመኪና ጡሩምባ ተሰማ። ጉድ ፈላ! ሙሴ ከቀጠሯቸው ሁለት ቀን ቀድመው መጡ።

«እናኑ፣ ክፈቺ እንጂ!»

አያ ማሩ ወደ በሩ መወርወሪያ እጃቸውን ሲሰዱ እሷ ቀድማ ተለጠፈችበት። ብትከፍት ዳክዬዎቹ ያልቃሉ፤ ባትከፍት እሷ ትባረራለች። ዓይኗን በጨው ታጠበች።

«ሙሴ፣ ይቅር ይበሉኝ፣ ዛሬ ሰው አይገባም። ኮሶ ተጠጥቷል።»

«የገዛ ቤቴ! ማነው የጠጣው?»

«ዳክዬዎቹ።»

ሙሴ ሃያ ዓመት ጎንደር የኖሩ ሰው ናቸው፤ ኮሶ የጠጣ ሰው ደጅ እንደማይረገጥ አሳምረው ያውቃሉ። ሻንጣቸውን አጋድመው ሲቀመጡበት ሰማች።

«እስከ ስንት ሰዓት?» አሉ።

«እስኪወጣላቸው።»

«አብደሻል አንቺ ልጅ» አሉ አያ ማሩ በሹክሹክታ፤ ግን እሳቸውም እንደ እሷ ጆሯቸውን ወደ ጎተራው ቀስረው ነበር።

ዘጠኝ ሰዓት አካባቢ ጎተራው ውስጥ መንጫጫት ሆነ። እናኑ በሩን ገርበብ ብታደርገው ዳክዬዎቹ እየተጋፉ ወጥተው ወደ ገንዳው ሮጡ። ቆጠረቻቸው፤ ስድስት ናቸው። መሬቱን አየች፤ ትሉ ከነራሱ ወጥቷል፣ ክንድ የሚያህል። በቆርቆሮ ክዳን አንስታ ወደ ግቢው በር በረረች፤ ወለል አድርጋም ከፈተችው።

«ሸጋ አልሆነም ሙሴ? ይዩት እስቲ!»

ሙሴ ያኒ ባርኔጣቸውን አውልቀው ክዳኑን ለረጅም ጊዜ አዩት። ቀጥሎም ገንዳው ውስጥ የሚንቦጫረቁትን ዳክዬዎች አዩ። እናኑ ክዳኑን እንደያዘች ፍርዷን ጠበቀች። ሙሴ አያ ማሩ እንዳይሰሙ ጎንበስ አሉና፣

«ከዚያ ኮሶ የተረፈ አለ?» አሏት።

«ለስንት ዳክዬ?»

«ለአንድ ሰው» አሉ ፊታቸው ቀልቶ።

በማግስቱ በሩን ያለ ፍርሃት ቀረቀረችው። የሱቅ ደንበኛ ቢያንኳኳ፣ ሹም ቢያንኳኳ መልሷ አንድ ነበር፤ ሙሴ ኮሶ ጠጥተዋል።