አስር ኡፍ

በዚያች ከተማ ድካም የሚለካው በኡፍ ነበር። ሕጉ አጭር ነው፦ አስር ኡፍ የሞላለት ሦስት ቀን ያርፋል፣ ያልሞላለት ወደ ሥራው ይመለሳል። ሕጉን ያወጡት አማካሪዎች በየወሩ ይለካሉ፣ በየወሩም አስር ይሞላላቸዋል። ስብሰባ መቼስ አድካሚ ነገር ነው።

መለኪያው ቁመቱ ክንድ የሚያህል የመስታወት ጠርሙስ ነው። ውስጡ አውራ ጣት የምታክል፣ ያለ ውሃ በአየር የምትዋኝ ዓሣ አለች። ላዩ ክዳን አለው፤ ሰው ከሥሩ ባለው ቀዳዳ ኡፍ ብሎ ሲተነፍስ ዓሣዋ ወደ ላይ ትወጣለች። መዝጋቢው ስንተኛው መስመር ላይ እንደደረሰች አይቶ ይጽፋል፣ ማኅተሙን ያሳርፋል።

በከተማው ልብስ ማጠቢያ ቤት አሥራ ዘጠኝ ዓመት የሠራች አንዲት ሴት ነበረች። ቀን የአማካሪዎቹን ካባና የዘቦቹን አንሶላ ታጥባለች፤ ቤቷ ስትገባ አራት ልጆችና አልጋ ላይ የዋሉ አማት ይጠብቋታል። አንድ ቀን አንሶላ ስትጨምቅ ጣቶቿ አልታዘዝ አሏት። ለመጀመሪያ ጊዜ ልትለካ ሄደች።

ዓሣዋ ሁለተኛው መስመር ድረስ ወጣች፣ አዛጋች፣ ተመልሳ ተኛች።

«ሁለት ኡፍ» አለ መዝጋቢው።

«እንደገና ልሞክር?»

«እትዬ፣ ድካም አይሞከርም። ወይ አለ፣ ወይ የለም።»

«አለ እኮ።»

«እሱን የምታውቀው ዓሣዋ ናት።»

ከኋላዋ የቆመው የዘቦቹ ጥሩምባ ነፊ ነበር። ገና ከእንቅልፉ መነሳቱ ነው፤ የትራሱ እጥፋት ጉንጩ ላይ ታትሟል። ቀረብ ብሎ ተነፈሰ። ዓሣዋ ሄዳ ከክዳኑ ጋር ተላተመች። መዝጋቢው በሐዘኔታ ከመቀመጫው ተነሳ። «አይዞህ ወንድሜ፣ እባክህ ለራስህ እዘን» አለው።

ቤቷ ስትደርስ ባሏ ተጋድሞ ነበር። የእህል መጋዘን ጠባቂ ነው፤ ሥራው መቀመጥ ነው። ባለፈው ወር ስምንት ኡፍ ወጥቶለት ይህን ያልሰማ ጎረቤት የለም።

«ሁለት? ተመስገን ነው፣ ደህና ነሽ ማለት ነው» አላትና እንድትጠርግ እግሩን ከፍ አደረገላት።

አማቷ ከአልጋቸው ሆነው ይሰሙ ነበር። «ልጄ፣ አንቺ ኡፍ ስትዪ አንድ ቀን ሰምቼሽ አላውቅም» አሏት። «እኔም እንዳንቺው ነበርኩ። ኡፍ ካልኩ አማቴ ምን ጎደለብሽ ይሉኛል ብዬ ስውጠው ኖርኩ። ሳይለማመዱት ከየት ይመጣል? ሂጂና ያንን ጥሩምባ ነፊ አስተምረኝ በይው።»

በማግስቱ ያጠበችለትን የደንብ ልብስ ይዛ ሄደች። «ዓይኔን በጨው ታጥቤ ነው የመጣሁት» አለችና ጉዳይዋን ነገረችው።

ጥሩምባ ነፊው አንገቱን ደፋ። «እውነቱን ልንገርሽ እትዬ፣ እኔ ደክሞኝ አያውቅም።»

«አውቃለሁ። አተነፋፈሱን ብቻ አሳየኝ።»

«ከደረትሽ አይደለም የምታወጪው፣ ከሆድሽ ነው።»

«ሆዴ ውስጥ ያለው ብዙ ነው።»

«እኛም የምንፈልገው እሱን ነው።»

ሦስት ሳምንት ሙሉ፣ በየምሳ ሰዓቱ፣ ገመድ ላይ ከተሰጡት አንሶላዎች ጀርባ ተለማመዱ። ባልደረቦቿ መጀመሪያ ሳቁባት፤ ኋላ አንድ በአንድ እየመጡ ተሰለፉ። አሥራ ሁለት ሴት በአንድ ላይ ሲተነፍስ አንሶላው እንደ ሸራ ይነፋል። የማጠቢያ ቤቱ አለቃ ምን ጉድ ነው ቢል፣ አዲሱ ሳሙና ጉሮሯችንን ቆጠቆጠን አሉት። አመናቸው። ሳሙናውን ያስመጣው እሱ ስለነበር ነገሩን ማጥናት አልፈለገም።

የመለኪያው ቀን ደረሰ። አጣቢዋ ከሁሉም ቀድማ ተነፈሰች፤ አስር። የሚቀጥለችውም አስር፣ ከእሷም ቀጥላ ያለችው አስር። አሥራ ሁለተኛዋ ላይ ዓሣዋ ክዳኑ ሥር ተለጥፋ አልወርድም አለች።

«ጠርሙሱ ተበላሽቷል» አለ መዝጋቢው።

«ባለፈው ወር እኔን ሁለት ሲለኝስ ደህና ነበር?»

መዝጋቢው ማኅተሙን አየ፣ ሴቶቹን አየ። ክፉ ሰው አይደለም፤ የተጻፈ ነገር ግን እንደ ነፍሱ ይወዳል። አሥራ ሁለት ጊዜ አተመ።

ማጠቢያ ቤቱ ሦስት ቀን ተዘጋ። በሦስተኛው ቀን አማካሪዎቹ በቆሸሸ ካባ አስቸኳይ ስብሰባ ተቀመጡና የሕዝቡ ድካም እንዳሳሰባቸው ገለጹ። መፍትሔም አበጁ፦ ከእንግዲህ ለእረፍት የሚያበቃው ሃያ ኡፍ ነው። ጠርሙሱ ሃያ መስመር ስለሌለው ረጅም ጠርሙስ ታዘዘ። እስኪመጣ ማንም አያርፍም፤ አማካሪዎቹ ግን ለጊዜው በግምት ያርፋሉ።

አጣቢዋ ይህን ሁሉ ተኝታ አሳለፈችው። በመጀመሪያው ቀን ባሏ ንጹሕ ሸሚዜ የት አለ ብሎ ሲንጎዳጎድ የመለሱለት እናቱ ናቸው። «ውሃው በርሜሉ ውስጥ፣ ሳሙናው መስኮቱ ላይ። እሷን እንዳትቀሰቅስ።» አጠበ። እጅጌውን ረስቶ ሊያሰጣ ሲል መለሱት።

በሁለተኛው ቀን አማቷን ደግፋ ፀሐይ ላይ አስቀመጠቻቸው። አሮጊቷ እኔንም አስተምሪኝ አሉ። ሁለቴ አሳላቸው፤ ሦስተኛው ግን ረጅም ሆኖ ወጣ፣ ተከትሎም እንባቸው መጣ። አጣቢዋ ፀጉራቸውን ማበጠር ጀመረች።

በአራተኛው ቀን ሥራ ስትገባ የካባ ክምር በሩን ሞልቶታል። ጥሩምባ ነፊው ያለ ጥሩምባው መጥቶ ገንዳው አጠገብ ቆሟል።

«የካባው አንገት እንዴት ነው የሚታጠበው?» አላት።

ሳሙና ሰጠችውና አሳየችው። ካባውን እየፈተገ ወገቡን ደጋግሞ ያዝ ያደርግ ጀመር።

«ሁልጊዜ እንዲህ ነው?»

«ዛሬ እንኳን ቀላል ነው» አለችው፤ «የሚታጠብ መጋረጃ የለም።»