በጠይባ ላይ የወጡ ስሞች

በለጥሻቸው ጠይባን ስትጠላ ለይስሙላ አልነበረም፤ ከልቧ፣ ጠዋት ሱቋን ከምትከፍትበት ሰዓት ጀምሮ ነው። በርበሬ ተራ ውስጥ ሱቆቻቸው ፊት ለፊት ናቸው። በመካከላቸው ያለው መተላለፊያ አንዱ ተሸካሚ ጆንያ ይዞ ሲመጣ ሌላው ግድግዳ ላይ ተለጥፎ የሚያሳልፍበት ስለሆነ፣ የጠሉትን ሰው ላለማየት ያለው መላ ዓይንን መጨፈን ብቻ ነው።

ጠቡም የተጀመረው በዚህችው መተላለፊያ ነው። ሁለቱም ወጣት ሳሉ፣ ጆንያ የሚደረደርባት ቦታ የኔ ናት የለም የኔ ናት ተባብለው ተካሰሱ። በለጥሻቸው «ማስረጃ የለሽም» ተባለችና ተረታች። ወሩ ሳይሞላ ጠይባ ወንድ ልጅ ወለደችና ቡርሃን አለችው። ነገሩ በለጥሻቸውን ሸተታት። ዕቃ የሚሸከምላትን ጀዋርን ጠርታ የስሙን ትርጉም ጠየቀችው።

«በዓረብኛ ማስረጃ ማለት ነው» አላትና ጆንያውን ተሸክሞ ሄደ።

በለጥሻቸው የቆመችበት ቀረች። ስድብ ቢሆን ትመልሰው ነበር። ይሄ ግን የሚበላ፣ የሚጠጣ፣ እያደር የሚያድግ ስድብ ነው።

ስም ምን እንደሚሠራ ለእሷ አይነገራትም። ቡልጋ ስትወለድ የአባቷ እህቶች «ሴት ናት» ብለው ከንፈራቸውን ቢመጥጡ፣ እናቷ ከአራስ ቤት ሆና «በለጥሻቸው» ብላ አወጣችላት። አክስቶቿ እስኪሞቱ ድረስ በጠሯት ቁጥር ሽንፈታቸውን በገዛ አፋቸው ሲናገሩ ኖሩ። ስለዚህ በዚያው ዓመት ወንድ ልጅ ስትወልድ ብዙ አላሰበችም። ምንይሉ አለችው። እንግዲህ እነ ጠይባ ምን ይሉ!

ጠይባ ሁለተኛ ልጇን ሴት ወልዳ ሱሀይር ስትላት ጀዋር እንደገና ተጠየቀ። «እንቅልፍ የማይወስዳት፣ የምታመሽ እንደማለት ነው» አለ። እንቅልፍ ነሳኋት ልትል ነው፤ ሌላ ምን ሊሆን ይችላል? በለጥሻቸውም ሴት ልጅ ስትወልድ ማናለብሽ ብላ መለሰች። ጥይቱ የመታው ግን ልጆቹን ነበር። ምንይሉን ተማሪ ቤት «ዛሬስ ምን ይሉሃል?» እያሉ አሳደጉት። ማናለብሽ አፏን በከፈተች ቁጥር አስተማሪው «ስምሽን ነሽ!» ሲላት ኖራ፣ ቦሌ ጸጉር ቤት ስትቀጠር ቲና ነኝ አለች። በለጥሻቸው «የድመት ስም» ብላ አኮረፈቻት፤ ይኸው እስከ ዛሬ በስልክም አይገናኙ።

አሁን ምንይሉ ሴት ልጅ ወለደ። የጠይባ ልጅ ቡርሃን ደግሞ ካገባ ስንት ዓመቱ፤ ልጅ አላገኘም፤ ይህን ተራው ሁሉ ያውቃል። በለጥሻቸው እንዲህ ያለ ቀን በዕድሜዋ አይታ አታውቅም። ስሙ ራሱ መጣላት። አሸነፈች!

የምንይሉ ሚስት እድላዊት እምቢ አለች።

«እትዬ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ልጄ ከማንም ጋር አልተጣላችም።»

«እኔ ተጣልቼላታለሁ።»

«ለማንም ያልተላከ ስም ነው የምፈልገው።»

«እንዲህ ያለ ስም የለም። የክርስትና ስሟን የራጉኤል ቄስ ያወጡላታል፤ የዓለም ስሟ የኔ ነው። የአያት ወግ ነው፣ አንቺ ልትሽሪው ነው?»

ምንይሉ እንደ ልማዱ መሬት መሬት አየና «እስከ ክርስትናዋ እንቆይ፣ እማ» ብሎ ለመናት። በለጥሻቸው ግን መቆየት አልፈለገችም። መርካቶ አንዴ የጠራውን ስም ማንም አያስለቅቀውም። አንድ ቀን ጮክ ብሎ መጥራት ይበቃል።

ቅዳሜ ገበያው ሲደራ እድላዊት ልጅቷን ሱቅ ይዛ መጣችና ለአፍታ ለአማቷ ሰጥታ ወደ ጓዳ ገባች። በለጥሻቸው ሕፃኗን ታቅፋ መተላለፊያው መሃል ቆመች። ጠይባ በሯ ላይ ተቀምጣ በርበሬ ትቀነጥሳለች።

«አሸነፈች!» ብላ ጮኸች በለጥሻቸው። «ነይ እስቲ አሸነፈች፣ ሰዎቹን እያቸው!»

ጠይባ ቀና አለች። «ማሻአላህ። አላህ ያሳድግልሽ። ጆንያሽን ግን ከበሬ ላይ አንሺ፣ ደንበኛ ማለፊያ አጣ።»

ይኸው ነው። ፊቷ እንኳ አልተለወጠም። በለጥሻቸው ደሟ ፈላ።

«ስሟን ሰማሽ?»

«ሰማሁ።»

«ማንን ያሸነፈች ይመስልሻል?»

«እኔ ምን አውቄ።»

«አንቺን ነዋ! የልጅሽ ቤት ባዶ ሲቀር የኔ ልጅ ወለደ! ማስረጃ ብለሽ ስትሰድቢኝ ምንይሉ አልኩሽ። እንቅልፍ ነሳኋት ስትዪ ማናለብሽ አልኩሽ። ይኸው ዛሬ ጨረስኩሽ!»

ገዢው ሁሉ ወደ እነሱ ዞረ። ጠይባ እጇን በሽርጧ ጠርጋ ቀስ ብላ ተነሳች።

«ቡርሃን የአባቴ ስም ነው» አለች። «እኛ ልጅ በተወለደ በሰባተኛው ቀን መልካም ስም መርጠን ነው የምናወጣለት፤ በቂያማ፣ በፍርድ ቀን የሚጠራው በዚያ ነው። ሱሀይርን ያወጣቻት አማቴ ናት፤ ትርጉሙን እኔም እስከ ዛሬ አላውቀው።»

«ውሸታም!»

«ለአንቺ ብዬ ልዋሽ? የእናንተ ሰዎች ስም እንደ ንግግር ነው ብዬ አለፍኩት እንጂ፣ ልጆችሽን በእኔ ላይ እንዳወጣሽ በምን ልወቅ?» ጠጋ አለቻት። «ስሚኝ በለጥሻቸው። የዚያን ጊዜ ፈረዱልኝ፣ ቤቴ ገባሁ፣ ረሳሁሽ። ጆንያሽ ካላደናቀፈኝ ትዝም አትዪኝ። ዛሬ ግን የልጄን ሐዘን ገበያ መሃል አወጣሽው። እንግዲህ ከዛሬ ጀምሮ እጠላሻለሁ።»

በለጥሻቸው አፈረች፤ ከማፈሯ ይልቅ ግን ያንገበገባት፣ ይህን ሁሉ ዘመን የጠላት ሴት አንድም ቀን ሳትጠላት መኖሯ ነበር። ዘወር ስትል ምንይሉ ጆንያ ተሸክሞ ከኋላዋ ቆሟል። ሁሉንም ሰምቷል።

ጆንያውን አወረደ። «እማ፣ ሰው እየሳቀብኝ ያደግሁት እትዬ ጠይባ እንዲሰሙት በወጣ ስም ነው? እሳቸው እኮ አልሰሙትም።»

«ልጄ...»

ልጅቷን ከእቅፏ ወሰዳት። እናቱን እንዲህ ቀና ብሎ ሲያያት የመጀመሪያው ነበር። «ስሟን እናቷ ታወጣለች። አንቺ ክርስትናው ላይ እንዳትመጪ» አላትና ሚስቱን ጠርቶ ሄደ።

ማስፈራሪያ መስሏት ነበር። አልሆነም። ልጅቷ ራጉኤል ክርስትና ተነስታ፣ ድግሱ ተበልቶ አለቀ፤ አልተጠራችም። በማግሥቱ ጀዋርን ብትጠይቀው «እኔ አልሰማሁም» ብሎ ጥሏት ሄደ። ባለሱቆቹን ብትጠይቅ አንዱ ሚዛኑን ያስተካክላል፣ ሌላው ስልኩን ያነሳል። ቅዳሜ ቀኑን ሙሉ በልመና ዓይን ሁሉንም አየቻቸው፤ የልጅ ልጇን ምን ብላ እንደምትጠራት አታውቅም።

ሱቅ ሊዘጋ ሲል አንገቷን ደፍታ መተላለፊያውን ተሻገረች።

«ጠይባ» አለች። «እድላዊት ይቅርታ ልትልሽ አንቺ ጋ መጥታ ነበር አሉ። የልጅቷን ስም... ታውቂዋለሽ?»

ጠይባ ትኩር ብላ አየቻት።

«አዎ፣ አውቀዋለሁ» አለችና በሯን ዘጋችው።