የሶፍቱ ጨዋታ

ዘይቱና ሃያ አራት ጥቅል ሶፍት ጋሪ ላይ ጭና ካሸሯ ፊት ስትቆም፣ ከኋላዋ የተሰለፉት ሽማግሌ ፈረንጅ ሶፍቱን አዩ፣ እሷን አዩ፣ ፈገግ አሉ። ምን እንዳሰቡ አላህ ይወቅላቸው። እሷ ለማፈር ጊዜ አልነበራትም። አንድ ሰው ከእግሩ እስከ አንገቱ ለመጠቅለል ስንት ሶፍት እንደሚፈጅ እያሰላች ነበር።

ይህ ሁሉ ለልጇ ለሩመይሳ ነው። ሩመይሳ ስምንት ዓመቷ ነው፤ ከቡታጅራ ከመጣች ገና አምስት ወሯ። በነዚህ አምስት ወራት አንድም ቀን ዘይቱናን "እማዬ" ብላ ጠርታት አታውቅም። "ዘይቱና" ነው የምትላት። በክፋት አይደለም። ያሳደገቻት አያቷ ሀዋ፣ የዘይቱና እናት፣ በስልክ "ዘይቱና፣ ደህና ነሽ ወይ?" ስትል እየሰማች አደገችና፣ የሴትየዋ ስም እሱ ሆነ። እማዬ ማለት ሀዋ ነበረች። ሀዋ ደግሞ ባለፈው ረመዳን ሞተች።

ልጅቷ ብታኮርፍ፣ ብታለቅስ፣ ሰሃን ብትሰብር ዘይቱና ደስ ባላት ነበር። ሩመይሳ ግን ጨዋ ናት፤ እናቷን የጎዳትም ይኸው ጨዋነቷ ነው። አልጋዋን ራሷ ታነጥፋለች። ፍሪጅ ለመክፈት ታስፈቅዳለች። በልታ ስትጨርስ "አመሰግናለሁ፣ ዘይቱና" ብላ ሰሃኗን ታነሳለች። እንዲህ የሚያደርግ እንግዳ ነው። ዘይቱና ለአውሮፕላን ምግብ የሚያሽግ ኩሽና ውስጥ ቀኑን ሙሉ ቆማ ውላ ቡሪየን የሚባለው ከተማ ወዳለው አፓርትመንቷ ስትመለስ፣ በሩን የሚከፍትላት ከሆዷ የወጣ እንግዳ ነበር።

ጥፋቱ የማን እንደሆነ ታውቃለች። ዲቪ ሲደርሳቸው የልጅቷም ቪዛ አብሮ ተመትቶ ነበር። ሩመይሳ ያኔ ዓመት ከመንፈቋ ነው። "ሕፃን አዝሎ በሰው አገር ሥራ አይፈለግም፤ እስክትቋቋሙ እኔ ጋ ትቆይ" አለች ሀዋ። ባሏ ነስሩም እውነቷን ነው አለ። ዘይቱና እያለቀሰች እሺ አለች፤ አንድ ዓመት ብቻ ነበር። ከዚያ የተመታው ቪዛ ጊዜው አለፈበት። አዲስ ወረቀት አስገቡ። ኮሮና መጣ፣ ኤምባሲው ተዘጋ፣ ሲከፈት ወረፋው አያልቅ አለ፤ አንዷ ዓመት ሰባት ሆና ቁጭ አለች።

እና በጥቅምት አንድ ቀን ሩመይሳ ከትምህርት ቤት ገብታ ሳትጠየቅ ተናገረች። ይህ ራሱ በዚያ ቤት ዜና ነው።

"ሃሴት የሃሎዊን ፓርቲ አላችሁ ወይ አለችኝ። ጌም ያለበት።" ሃሎዊን ፈረንጆች ልጆቻቸውን ጭራቅና አውሬ አስመስለው የሚያለብሱበት በዓል ነው። ሃሴት ከላያቸው ፎቅ የምትኖረው የባየሽ ልጅ ናት፤ ከሩመይሳ ጋር አንድ ክፍል ይማራሉ።

ዘይቱና ከአፏ ቀማቻት። "አለን! እዚሁ ቤት ነው የምናደርገው!"

ሩመይሳ ትንሽ አሰበችና "አመሰግናለሁ" አለች።

ነስሩ ትራክ ነጂ ነው፤ ያን ሰሞን ሞንታና ነበር። ዘይቱና ማታ ኮል አድርጋ ነገረችው።

"ሃሎዊን? ዘይቱ፣ የመስጊዱ ሰዎች ቢሰሙ ምን ይሉናል?"

"ጌም ብቻ እኮ ነው። ዶናት በክር ሰቅለው የሚበሉት ዓይነት። ራስ ቅል የለበት፣ ጭራቅ የለበት።"

"እሷ ፈልጋ ነው?"

"ራሷ አነሳችው። በራሷ አፍ።"

ነስሩ ተነፈሰ። "ኦኬ። ሶ ጨዋታው ይሁን፣ ሰይጣኑ ይቅር።"

ሰይጣኑ በመቅረቱ ከሱቅ የሚገዛ ማስጌጫ ሁሉ ቀረ። ስለዚህ ዘይቱና ሳምንቱን ሙሉ በሥራ ቦታ የምሳ ሰዓቷ ላይ ስልኳ ላይ አቀርቅራ ስታጠና ሰነበተች። እቤት ውስጥ ባለ ዕቃ የሚሠራ የልጆች ጨዋታ ፈረንጅ እናቶች እየሳቁ የሚያሳዩበት ቪዲዮ መዓት ነው። ሦስት መረጠች። አንዱ የተሰቀለ ዶናት ያለ እጅ መብላት ነው። ሌላው በተቀደደ ካርቶን እጅ ከቶ ውስጡ ያለውን በዳሰሳ ማወቅ ነው። ሦስተኛው ጓደኛን በሶፍት መጠቅለል ነው፤ ቀድሞ የጨረሰ ያሸንፋል። ይህን ሦስተኛውን ከሁሉ አብልጣ ወደደችው። ቪዲዮው ላይ አንዲት ልጅ እናቷን ስትጠቀልል ሁለቱም ሳቃቸው አላስቆም ብሏቸው ምንጣፍ ላይ ይወድቃሉ። ዘይቱና እሷን ቪዲዮ አሥር ጊዜ ሳታያት አልቀረችም።

ቅዳሜ ከሰዓት ባየሽ ለእገዛ ወረደች። ባየሽ ዕድሜዋ ሃምሳን የነካ፣ አፏ የማያርፍ፣ እጇም የማያርፍ ሴት ናት። ወንበር ላይ ቆማ ክሩን ጣሪያው ላይ በፕላስተር እየለጠፈች ሳቀች።

"ሲሉ ሰምታ ዶሮ ሞተች ታንቃ አሉ! እኔ በዚህ ዕድሜዬ ዶናት ልስቀል?"

"እትዬ ባየሽ፣ ጠበቅ አድርጊው እባክሽ።"

"አይዞሽ አይወድቅም። ምነው ፊትሽ እንዲህ ነጣ? የልጅ ጨዋታ ነው እኮ፣ ሠርግ መሰለሽ?"

ዘይቱና ከሠርጓ ቀን ይልቅ ነበር የፈራችው። ዛሬ ይህች ልጅ እዚህ ቤት ውስጥ ካልሳቀች መቼ ትስቃለች?

በዘጠኝ ሰዓት ልጆቹ መጡ። ሃሴት የቢራቢሮ ክንፍ አድርጋለች። አንሳር የሚባለው የጎረቤት ልጅ አባቱ ልብስ አይቀየርም ስላሉት በኳስ ማሊያው መጣ። ሩመይሳ ራሷ ላይ ዘይቱና ከጥቁር ካርቶን የቆረጠችላት የድመት ጆሮ አለ፤ ለእሱም አመስግናለች።

ዶናቱ ተጀመረ። ባየሽ ክሩን ትንሽ ሳብ ስታደርገው ዶናቱ ከአፋቸው ይሸሻል። አንሳር ግንባሩን ስኳር በስኳር አደረገው። ሃሴት "ዳትስ ቺቲንግ! ማጭበርበር ነው!" እያለች ትጮሃለች። ሩመይሳ ሁለት ጊዜ ሳተችው፣ በሦስተኛው አፍንጫዋ የዶናቱ ቀዳዳ ውስጥ ገባ፣ ያኔ ሳቀች። መጀመሪያ ትንፋሿን እንደ ስቅታ ቆረጥ ታደርግና ከዚያ የምትለቀው ሳቅ ነበር። የሀዋ ሳቅ ነው፤ ቁርጥ ሀዋ። ዘይቱና እናቷ በድንገት ናፈቀቻትና ውኃ የምታመጣ መስላ ወደ ኩሽና ገባች። ቧንቧውን ከፍታ ቆመች። ልጄ ሳቀች ብላ ልትደሰት ሲገባት፣ የእናቷን ሳቅ ሰባት ዓመት በስልክ ብቻ እንደሰማችው፣ ከእንግዲህም በስልክ እንኳ እንደማትሰማው ነበር የምታስበው።

ካርቶኑ ውስጥ ለሚዳስሰው አንጀትና ዓይን የሚመስል ቀዝቃዛ ፓስታና የተላጠ ወይን ነበር። አንሳር እጁን ከትቶ ጮኾ አወጣው። ሃሴት ጭራሽ አልከትም አለች። ሩመይሳ እጅጌዋን ሰብስባ ከተተች።

"ፓስታ ነው። ይሄ ወይን ነው።" ወደ ዘይቱና ዞረች። "ለምንድን ነው የላጥሽው?"

ባየሽ በሳቅ ሞተች። ቡታጅራ የዶሮ ሆድ ዕቃ ሲያጥብ ያደገ እጅ በፓስታ ይደነግጣል እንዴ?

ከዚያ ሶፍቱ መጣ። ሃሴት አፍታም ሳትቆይ አንሳርን ያዘች። ሩመይሳ ብቻዋን ቀረች። ዘይቱና ይህንን ከጅምሩ አስባበት ይሁን ሳታስበው፣ ለራሷም አልተናዘዘችውም፤ ብቻ ልቧ ዘለለ።

"እኔ የሩመይሳ ነኝ! ጠቅልይኝ፣ የኔ ቆንጆ!"

ልጅቷ አምስት ወር ሙሉ ስትታቀፍ እንደ ዱላ ቀጥ ብላ ነው የምትቆመው። አሁን በጨዋታ ሰበብ እጆቿ በዙሪያዋ ይዞራሉ። ዘይቱና ከዚያ ቀን የፈለገችው ይህችን ታህል ነበር።

"አንድ፣ ሁለት፣ ጎ!" አለች ባየሽ።

ሃሴት አንሳርን እንደ እንዝርት ታዞረው ጀመር። ሩመይሳ ግን ጥቅሉን ይዛ ቆመች። ጫፉን ሳብ አደረገችው፤ ሶፍቱ ተዘርግቶ ምንጣፉ ላይ ወደቀ። ረጅሙን ነጭ ነገር ለአፍታ አየችው።

"ተኚ" አለች።

"ቆሞ እኮ ነው የሚጠቀለለው።"

"ተኚ።"

ዘይቱና ደስ ብሏት ምንጣፉ ላይ ተጋደመች። ሩመይሳ እግሮቿን ገጠመች፣ እጆቿን ከጎኗ አስተካከለች። ሶፍቱን ደራርባ ከግራ ወደ ቀኝ፣ ከቀኝ ወደ ግራ አለበሰቻት። አትቸኩልም። እየቆረጠች ከቁርጭምጭሚቷ ላይ አሰረች፤ ከዚያ ከወገቧ ላይ።

"ኧረ ኮረኮርሽኝ!" አለች ዘይቱና።

ሩመይሳ አልሳቀችም። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ ግን የለውም። ዘይቱና ቀና ብላ ያን ቋጠሮ አየችው፤ አንድ ቁርጭምጭሚት ላይ፣ አንድ ወገብ ላይ። ያን ጊዜ ገባት። የምታውቀው ነገር ነበር። የአባቷን አይታለች፣ የአጎቷን አይታለች። ፈረንጆቹ ልጆች እየሳቁ ሲጫወቱበት ስላየችው ነው ያልታያት፤ ነጭነቱ እንኳ ሳይታያት ሃያ አራት ጥቅል ገዝታ ቤቷ አስገባች። ከፈን ነው። ልጇ እየገነዘቻት ነበር።

"ዊ ዎን! ዊ ዎን!" ሃሴት ጮኸች። አንሳር ከነሶፍቱ ይዘላል። ባየሽ ልትስቅ ዞር ስትል ምንጣፉ ላይ ያለውን አየች፤ ሳቋ ተቋረጠ። ሙስሊም ባትሆንም ለቅሶ ቤት ሄዳ ታውቃለች። ሁለቱን ልጆች በዝምታ ክንዳቸውን ይዛ ወደ ኩሽና ወሰደቻቸው።

ዘይቱና ልትነሳ አሰበች። የልጅቷ እጅ ግን አንገቷ ላይ ደርሶ ቆሟል።

"ፊቷን ሳይሸፍኑት ጠሩኝ" አለች ሩመይሳ።

"ማን ነው የጠራሽ?"

"አክስቴ ሳቢራ። ነይ፣ እማዬን ተሰናበቻት አለችኝ።" ሶፍቱን በጣቷ ታሻለች። "ፈራሁ። ጓሮ እንሰቱ ውስጥ ገብቼ ተደበቅኩ። ሲጠሩኝ እሰማለሁ፣ ግን አልወጣሁም። ከዚያ ይዘዋት ሄዱ።"

ዘይቱና በአምስት ወር ውስጥ አንድም ቀን ስለዚያ ቀን አልጠየቀቻትም። ልጅቷን እንዳላሳዝን ነው ትል ነበር። ውሸቷን ነው፤ ለራሷ ፈርታ ነው። ሞቷን የሚነግራት ስልክ ሲደርሳት ሀዋ ተቀብራ ነበር። ዘይቱና ስልኩን ዘግታ ጓንቷን መልሳ አጠለቀች፣ ፈረቃዋ እስኪያልቅ ምግቡን ስታሽግ ዋለች። እስከ ዛሬ እንደዚያው ናት።

"እኔም አልተሰናበትኳትም" አለች።

"አንቺ ሩቅ ነበርሽ።"

"አዎ። ሩቅ ነበርኩ። አንቺንም ትቼሽ ነው የሄድኩት። አንድ ዓመት ብያት ነበር።"

"አውቃለሁ። እማዬ ነግራኛለች።"

ይህን ያለችው ያለ ቂም ነው፤ ዘይቱና ቂም ቢኖርበት ይሻላት ነበር። ከኩሽና ባየሽ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ልጆቹን ስታጫውት ይሰማል። ዘይቱና ቃሉ ከየት እንደመጣላት አታውቅም፣ ሼኩም ቢሰሙ ደስ የሚላቸው አይመስላትም።

"አሁን ተሰናበቻት" አለችና ዓይኗን ጨፈነች።

ከዚያ የልጅቷ ትንፋሽ ፊቷ ላይ መጣ፣ ስኳር ስኳር የሚሸት። ከንፈሯ ግንባሯ ላይ አረፈ።

"አፉ በይኝ፣ እማዬ።"

ዘይቱና ቃሉን ሰማች። ስንት ሌሊት የለመነችው ቃል ነው። ግንባሯ ላይ መጥቶ፣ በእሷ በኩል አልፎ ወደ ሌላ ሴት ሄደ። የእሷ እንዳልሆነ ታውቃለች፤ መቼም የእሷ እንደማይሆን ያን ጊዜ አወቀች። አመማት። ግን አልተንቀሳቀሰችም። ስለ እናቷ ብላ፣ ሀዋ ትተኛ እንደነበረው ተኛች፤ ያን መሳምም ለሀዋ ተቀበለችላት። እንባዋ ግን ሊታዘዛት አልቻለም፤ ከተጨፈነው ዓይኗ ወጥቶ ወደ ጆሮዋ ወረደ።

ጣት ነካው።

"ትሰሚኛለሽ?" አለች ሩመይሳ። ድምፅዋ ተለውጧል።

"እሰማሻለሁ።"

"እሷ አልሰማችኝም። ከእንሰቱ ውስጥ ሆኜ ጠርቻት ነበር።" ልጅቷ ሶፍቱን ከደረቷ ላይ በሁለት እጇ ጨምድዳ ቀደደችው። ከወገቧ ቀደደችው፣ ከእግሯ ቀደደችው፤ ቁርጥራጩ ቤቱን ሞላው። ጨዋነቷ የት እንደገባ እንጃ፤ ጮክ ብላ እያለቀሰች እናቷን በክንዷ ይዛ ጎተተቻት። "ተነሺ! አንቺ ተነሺ! ዘይቱና! ዘይቱና፣ ተነሺ!"

ዘይቱናም ተነሳች።