ምርቃት በሌላ ዓለም

የተውፊቅ ጌም ቤት ሆጤ ሰፈር ውስጥ፣ ከአንድ ልብስ ሰፊ ጀርባ ነበረች። የጌሙ ማሽን ተሽጧል። ከቀትር በኋላ፣ የአስር ሶላት እንዳበቃ ወደ ኮምቦልቻ ይሄዳል፤ ገዢው በውስጡ ያለውን ሁሉ አጥፍቶ የኳስ ጨዋታ ሊጭንበት ነው። እኔ ደግሞ ጌሙ ውስጥ የማጫውተውን ልጅ ገና አገሩ አልመለስኩትም።

ልጁ ወንዝ ሲሻገር ጭጋግ ይውጠውና ዛፎቹ ሰማያዊ የሆኑበት አገር ላይ ይነቃል። እናቱ ወዲያ ማዶ ቀርታለች። ሦስት ሳምንት ሙሉ መንገዱን ስፈልግለት ከረምኩ። ጽሑፉ እንግሊዝኛ ስለሆነ የተውፊቅ እህት ፋኢዛ አጠገቤ ተቀምጣ ትተረጉምልኝ ነበር።

ማሽኑ በሚሄድበት ቀን የመመለሻው በር ተገኘ። የዚያ አገር ፀሐይ ስትጠልቅ ይዘጋል። በሩ ሥር ግን ልጁን ሲያበሉ ሲያሳድሩ የቆዩት ሽማግሌ ተቀምጠው ነበር።

«ቶሎ በል ሂሻም! ገዢው ባጃጅ አስቁሞ እየጠበቀ ነው» አለ ተውፊቅ።

ሽማግሌው እጃቸውን ዘረጉ።

«ምን እያሉ ነው?» አልኳት ፋኢዛን።

«እየመረቁት ነው። መንገድህ ይቃናልህ፤ የበላኸው ይስማማህ፤ እናትህን በሰላም ያገናኝህ…»

«ክቧን ቁልፍ ተጫንና ዝለላቸው!» ተውፊቅ ጮኸ።

«በምርቃት መሐል?»

«ሥዕል እኮ ናቸው! ወላሂ አንተ ጤነኛ አይደለህም።»

ጣቴ ክቧ ላይ ነበር። እምቢ አለኝ። ፋኢዛ መዳፏን ዘርግታ «አሚን» አለች። ወረፋ የሚጠብቁት ልጆች ሳቁባት፤ ትንሽ ቆይተው ግን እነሱም «አሚን» አሉ። ሽማግሌው ለዝናቡም፣ ለከብቱም፣ ዐይተውት ለማያውቁት ለልጁ አገርም መረቁ። እኛም አሚን እያልን ፀሐይዋ ወንዙ ውስጥ ቀስ ብላ ገባች። በሩ እንደ እንፋሎት በነነ።

ተውፊቅ ራሱን ያዘ። «ሦስት ሳምንት!»

«እዚያው ቀረ ማለት ነው?» አለች ፋኢዛ።

«ቀረ» አልኩ።

ውጭ የባጃጁ ጥሩምባ ጮኸ። ተውፊቅ ሶኬቱን ያዘ።

«ቆይ፣ መጀመሪያ ሽማግሌው ቤታቸው ይግቡ» አልኩት።

ሽማግሌው ተነሥተው መሄድ ጀመሩ። ልጁን አልፏቸው እንዳይሄድ ከኋላቸው በዝግታ አስከተልኩት። ሣሩ ከእግራቸው ሥር እንደ ውኃ ይተኛና ይነሣል። ከጎጆው ደጃፍ ሲደርሱ ሽማግሌው ቆሙና በእጃቸው ወደ ውስጥ አመለከቱ፤ እንግዳ ይቀድማል። ልጁን አስገባሁት።

ያኔ ተውፊቅ ሶኬቱን ነቀለው።