የተሸጠው ቤት ባለቤት

አቶ ባስልኤል የቤት ፍቅር የያዛቸው ቤታቸውን ሸጠው ብሩን ከተቀበሉ በኋላ ነው። ቤቱ ሚዛን ተፈሪ፣ ከገበያው ከፍ ብሎ ዳገቱ ላይ ነበር። ሲኖሩበት ጣሪያው ባፈሰሰ ቁጥር ባልዲ ከመደቀን በቀር አንድ ምስማር መትተውለት አያውቁም። ለነጋዴው ለአሕመዲን ሸጠውት ከልጃቸው ዘንድ ከተጠጉ ወዲህ ግን አስፋልቱ በደጁ አለፈ፤ የሰፈሩም ዋጋ ሰማይ ወጣ። ያን ጊዜ፣ ዋጋውን ራሳቸው እንዳልጠሩ፣ "በርካሽ በላኝ!" ይሉ ጀመር።

ውሉ ተፈርሟል። የቀረው ሁለቱም ማዘጋጃ ቤት ቀርበው ካርታውን በአሕመዲን ስም ማዞር ብቻ ነው። አሕመዲን በቀጠሮው ሱቁን ዘግቶ ሲጠብቅ፣ አቶ ባስልኤልን ወገባቸውን ያማቸዋል። ሌላ ቀን ጊዮርጊስ ነውና ብዕር አልጨብጥም ይላሉ። ቀጥሎ ደግሞ ማጂ ለቅሶ አለብኝ ብለው ቀሩ።

"ማጂ ማን ሞተብን?" አሉ ባለቤታቸው ወይዘሮ የሺሃረግ።

"አንድ ሰው አይጠፋም።"

አሕመዲን ሽማግሌ ላከ። "ዋጋው ይስተካከልልኝ እንጂ በእግሬ እሄዳለሁ" ብለው መለሱላቸው አቶ ባስልኤል።

ይባስ ብለው ከሰዓት በኋላ በባጃጅ እየመጡ፣ በረንዳው ላይ ወንበር ስበው መቀመጥ ያዙ። የአሕመዲን ሚስት ሱሀይላ ልብስ ስታሰጣ፣ "ይሄን ገመድ ማን አስፈቅዶ አሰረው?" ይላሉ። አላፊ አግዳሚውንም እየጠሩ፣ "ቤቱ የኔው ነው! ካርታው በማን ስም እንደሆነ ሂዱና ጠይቁ!" ይላሉ። ሱሀይላ ለእንግዳ ክብር ብላ ውሃ ታቀርብላቸዋለች፤ እሳቸው ግን እንደ ግብር ይቆጥሩታል።

ክረምቱ ገባ። አቶ ባስልኤል ቤቱ ሲሠራ ሲሚንቶ ቆጥበው ያስካቡት የግቢው የድንጋይ ግንብ አንድ ጠዋት ተደረመሰና፣ ከበታቹ ያለውን የወይዘሮ ውድነሽን የቡና መጋዘን ደፈጠጠው። ሰው አልተጎዳም። ቡናው ግን ከጭቃው ጋር ተቦካ።

ወይዘሮ ውድነሽ ከሰሱ። ፍርድ ቤቱ የግቢው ባለይዞታ ማን እንደሆነ ማዘጋጃ ቤቱን ቢጠይቅ፣ "ባስልኤል" የሚል መልስ መጣለት።

"ሸጬዋለሁ እኮ!" ብለው ጮኹ አቶ ባስልኤል ችሎት ፊት።

"ክቡር ዳኛ፣" አሉ ወይዘሮ ውድነሽ፣ "በየቀኑ በረንዳው ላይ ተጎልተው ቤቱ የኔ ነው ሲሉ አገር ሰምቷል። ምስክር ልጥራ?"

"ለጨዋታ ያልኩት ነው!"

ዳኛዋ ቀና አሉ። "ስሙን ያላዞሩትስ ለጨዋታ ነው?"

አሕመዲንም ተጠርቶ፣ አዙሩልኝ እያለ ደጅ ሲጠና መክረሙን ተናገረ። አቶ ባስልኤል ከችሎት እንደወጡ ክንዱን ጨበጡት። "ልጄ፣ ዛሬውኑ እንሂድ! ስሙ ይዙርልህ!"

"እሺ ጋሼ፣ እንሂድ" አለ፤ ሳቁን መዋጥ ግን አልቻለም።

ማዘጋጃ ቤት ያገኟት ሠራተኛ ትሁት ትባላለች፤ ስም ብቻ ነው። ኮምፒውተሯን አየት አድርጋ፣ "ታግዷል" አለች። ወይዘሮ ውድነሽ ክርክሩ እስኪያልቅ ግቢው ለማንም እንዳይዛወር አሳግደውት ኖሯል። አቶ ባስልኤል ለመኑ፣ ተቆጡ፣ አገር ቤት ስላሳደጓቸው ባለሥልጣኖች አወሩ። ትሁት "የሚቀጥለው" ብላ ተጣራች።

ፍርዱ የቡናውን ካሣና አዲስ ግንብ ጫነባቸው። ከሽያጩ የተረፈው ሁሉ ድንጋይ፣ አሸዋና ሲሚንቶ ሆነ፤ በዚህኛው ግንብ ላይ ሲሚንቶ እንዳይቆጠብ አሕመዲን ራሱ ቆሞ አሠራ። እግዱ ሲነሳ አቶ ባስልኤል ማዘጋጃ ቤቱ ሳይከፈት በር ላይ ተገኝተው ፈረሙ።

ሲመለሱ በሸጡት ቤት ደጅ ቆሙ፤ አብረዋቸው የነበሩት ወይዘሮ የሺሃረግ አዲሱን ግንብ ከታች እስከ ላይ ቃኙት። "ሰው ቤት ሸጦ ቤት ይገዛል" አሉ። "እኛ ግንብ ገዛን። ያውም ለአሕመዲን።"

አቶ ባስልኤል አንገታቸውን ደፍተው ባጃጅ ጠሩ።