ኮሃጊ ማራገቢያዋን የጣለች ዕለት

ኮሃጊ ኪዮቶ፣ እንግዳ በዘፈንና በዳንስ ከሚያስተናግዱት ጌይሻዎች ሰፈር ገብታ ዳንስ መማር ከጀመረች ሁለት ዓመት ሞልቷታል። በዚህ ሁሉ ጊዜ መምህርት ኢሶኖ አንድም ቀን አመስግነዋት አያውቁም። ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው፤ ጉልበታቸው ቢደክምም ምላሳቸው ገና ጎረምሳ ነው።

"አንቺ ልጅ፣ የያዝሽው ማራገቢያ ነው ወይስ መጥበሻ?" ይሏታል በየጠዋቱ፣ የምትደንስባትን የወረቀት ማራገቢያ እያዩ።

"ይቅርታ መምህርት፣ እንደገና ልሞክር" ትላለች፤ ግንባሯ ምንጣፉን እስኪነካ አጎንብሳ። ትሞክራለች። አሁንም መጥበሻ!

የቼሪ አበባ የፈነዳ ሰሞን ለአንድ የምሳ ግብዣ ተጠራች። እንደ ታላቅ እህት ሆና የምታሠለጥናት ጌይሻ ማሳኖ ሻሚሰን የተባለውን ባለ ሦስት ክር መሣሪያ ትመታለች፤ እሷ ትደንሳለች።

"እትዬ፣ እግሬ እየተንቀጠቀጠ ነው" አለች ኮሃጊ በር ላይ።

"ኪሞኖሽ ረጅም ነው፤ ማን ያይልሻል?" አለቻት ማሳኖ።

እግሯስ ደህና ነበር። ጉዱ የመጣው በእጇ ነው። ማራገቢያዋን ወደ ላይ ወርውራ ልትቀልብ ስትል ከእጇ አምልጣት በረረችና፣ ከተጋባዦቹ አንዱ በሆኑት ጃንጥላ ሠሪ አዛውንት፣ በአቶ ሃሱኑማ የሾርባ ሳህን ውስጥ ጧ አለች።

ኮሃጊ ባለችበት ቆመች። ማሳኖ ግን ክሩን መምታቷን አላቋረጠችም፤ በዓይኗ ብቻ "ቀጥዪ!" አለቻት። ቀጠለች። በባዶ እጇ የሌለች ማራገቢያ ዘረጋች፣ ፀሐይ ከለለችባት፣ የሚረግፈውን አበባ ተቀበለችባት።

ዘፈኑ ሲያልቅ አቶ ሃሱኑማ ማራገቢያዋን በመሀረባቸው ጠራርገው አነሷት።

"ሾርባው እያቃጠለኝ ነበር፤ እንዴት አወቅሽብኝ ልጄ?"

ቤቱ በሳቅ ፈረሰ።

በዚያ ሰፈር ወሬ ከሰው ቀድሞ ነው የሚነሳው። በማግስቱ ኮሃጊ ትምህርት ቤት ስትደርስ መምህርት ኢሶኖ በር በሩን እያዩ ይጠብቋታል።

"ነይ ወደዚህ። የትናንቱን ያለ ማራገቢያ አሳዪኝ።"

ጓደኞቿ እያዩ፣ ጆሮዋ እስኪቀላ አፍራ ደነሰች። መምህርቷ ወደ እጇ ጠጋ አሉ።

"እጅሽን እንዲህ አድርጊ ያለሽ ማነው?"

"ማንም፣ መምህርት። ማራገቢያዋ በእጄ ያለች ለማስመሰል ስጨነቅ ነው።"

"ሁለት ዓመት ሙሉ ማራገቢያሽ እንዳትወድቅ ስትጠብቂ ከርመሻል። ትናንት ግን ደነስሽ" አሏት። ወዲያው ደግሞ፣ "እንዳትኮሪ! አንገትሽ አሁንም የዳክዬ ነው።"

ከዚያ ወደ ተማሪዎቹ ዞሩ። "ሁላችሁም ማራገቢያችሁን እዚህ አምጡ! ለአንድ ወር በባዶ እጅ ነው።"

ክፍሉ አጉረመረመ። ከኋላዋ ያለችው ሪትሱ ጎኗን ቆነጠጠቻት።

"ባንቺ ጦስ! ዛሬ ጣፋጭ የባቄላ ኬክ የምትጋብዢኝ አንቺ ነሽ።"

"ሁለት እጋብዝሻለሁ" አለች ኮሃጊ፣ ሳቋን በእጅጌዋ አፍና።